የጎበጠው መቃን

ሟቹ የተገኘው ጥቁርና ነጭ የዳማ መደብ በተሳለበት ግድግዳ ሥር፣ በግንባሩ እንደተደፋ ነበር። የብረት የካሜራ ማቆሚያ አጠገቡ ወድቋል። ከሦስቱ እግሮቹ አንዱ ብቻ በጨርቅ ተወልውሎ ያበራል። መርማሪዋ ስትደርስ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ሆኗል። ጎንበስ ብላ አየች፣ ምንም ሳትነካ ቀና አለች።

«ማን አገኛቸው?»

«እኔ» አለች የሟቹ የእህት ልጅ፤ ዓይኗ አብጧል። «ሰባት ተኩል ላይ። ከምሳ ስመለስ አጎቴን ልጠራው ብዬ በሩን ከፈትኩ...»

«ኧረ ምን መጠየቅ ያስፈልጋል?» ሲል የሟቹ ታናሽ ወንድም አቋረጣት። ሟቹ የቢሮው ባለቤትና አለቃ ነበር፤ ሥራ አስኪያጁ እሱ ነው። «የኮሪደሩ ካሜራ ቪዲዮ አለ እኮ! ከሜትሮ በቀር ወደዚህ ክፍል የገባ የለም። ይኸው እጃችሁ ላይ ነው፣ ይዛችሁት ሂዱ።»

ሜትሮ የሚሉት የካሜራ ሠራተኛውን ነው፤ ሜትር ከኪሱ ጠፍቶ ስለማያውቅ። ዕድሜው ከሃምሳ አልፏል፣ ትምህርቱን ከስድስተኛ ክፍል አቋርጧል። አሁን እጁ በካቴና ታስሮ ኮሪደሩ ውስጥ አግዳሚ ላይ ተቀምጧል። በዚህ ቢሮ አንድ ነገር ሲጠፋ መጀመሪያ የሚፈተሸው የእሱ ቦርሳ ነበር፤ ሰው ሲሞትም ያው ሆነ። ቪዲዮው እንዳለ ከታመነ ዕድሜ ልኩን እስር ቤት ያልቃል። ይህን ሁሉም ያውቃል፤ ውሃ እንኳ የሰጠው ግን አልነበረም።

መሥሪያ ቤቱ ላይብረሪ የሚሉትን ነገር ይሠራል። ስሙ ያስከብራል እንጂ አንድ መጽሐፍ የለበትም፤ ሌሎች ፕሮግራም ሠሪዎች ወስደው ሥራቸው ውስጥ የሚከቱት ኮድ ነው። የዓሣ ዓይን የሚባለው ሌንስ ክፍሉን ሁሉ በአንድ ጊዜ ያያል፣ ነገር ግን ቀጥ ያለውን ሁሉ ያጎብጣል። የላይብረሪው አንዱ ክፍል ያንን የጎበጠ ምስል ያቃናል፤ ይህን የምትጽፈው የሟቹ የእህት ልጅ ናት። ሌላው ክፍል ተቃራኒውን ይሠራል፤ ለሙከራ ሲፈለግ ቀጥ ያለውን ምስል ያጎብጣል። እሱን የሚጽፈው ዶክተሩ ነው። ዶክተር ሲባል መርፌ የሚወጋ እንዳይመስላችሁ፤ ስለ ማጉበጥ ተምሮ ነው ማዕረጉን ያገኘው።

መርማሪዋ ከአግዳሚው ጫፍ ተቀመጠች።

«ስድስት ሰዓት ከአርባ ላይ ገቡ፣ ከሃምሳ ላይ ወጡ። ምን ሊሠሩ ነበር?»

ሜትሮ «እርስዎ» መባሉ አስደንግጦት ቀና አለ። «ዳማ የተሳለበትን ሰሌዳ ልመልስ ነዋ፣ እመቤቴ። የኮሪደሩ ካሜራ ሌንስ ዛሬ ጠዋት ተሰንጥቆ ሦስት ሰዓት ላይ አዲስ ገጥሜ ነበር። የለካሁበትን ሰሌዳ ነው የመለስኩት። አለቃ ደህና ነበር። እንዲያውም ደስ ብሎት ነበር።»

«የሚለካው ምኑ ነው?»

«ጉብጠቱ። እያንዳንዱ ሌንስ የሚያጎብጠው በራሱ ልክ ነው። ቁጥሩ ካልታወቀ ምስሉ አይቃናም። በሁለት ወረቀት ጻፍኩና አንዱን ለልጅቷ፣ አንዱን ለዶክተሩ ሰጠሁ።»

«ዶክተሩ ምን አሉዎት?»

«"እዛ ጋ አድርገው።" ቀናም አላለ።»

ዶክተሩ በጠረጴዛው ላይ እግሩን አነባብሮ ጠበቃት። ምሳ ሰዓቱን ሙሉ ማዳመጫ ጆሮው ላይ አድርጎ ሲሠራ እንደነበር ተናገረ።

«ሰውዬው ቂም አለበት» አለ። «የማያውቀው ነገር ውስጥ ካልገባሁ ይላል። አለቃችን ያዝንለት ነበር። ለማዘንም ልክ አለው።»

«ቪዲዮውን ነካክቶት የሚሆን ሰው ይኖራል?»

ሳቀ። «ካሜራው የሚቀርጸው ጥሬው ቪዲዮ እኮ ጎባጣ ነው! ጎባጣ ምስል ላይ ሰው መሰረዝ እንዲህ ቀላል አይምሰልዎት። ያንን ሌንስ ደግሞ ከተተከለ ጀምሮ፣ ሦስት ዓመት ሙሉ፣ ማንም አልነካውም። ልኩን በቃሌ ነው የማውቀው።»

መርማሪዋ የሻይ ብርጭቆውን ብድግ አደረገች። ሥሩ በአራት የታጠፈ ወረቀት አለ።

«ይሄስ?»

«ቆሻሻ ነው።»

«እንግዲያው ልውሰደው» አለችና ኪሷ ከተተችው።

የሟቹ የእህት ልጅ ጋ ስትሄድ ተመሳሳይ ወረቀት ስክሪኑ ጥግ ላይ ተለጥፎ አየች። ቁጥሮቹ በእርሳስ ተጽፈዋል፤ ሰባቶቹ ወገባቸው ላይ ተሰርዘዋል።

«አራት ሰዓት ላይ አስገባሁት» አለች ልጅቷ። «ዶክተሩ ግን የራሱን ቁጥር ለብቻው ነው የሚይዘው። ከኔ ፋይል አንብብ ብዬ ብለምነው፣ "የኔ ኮድ ከማንም አይለምንም" አለኝ።»

«ጥሬ ቪዲዮ ስንት ቀን ይቀመጣል?»

«የዕለቱ ብቻ። ሲመሽ ይሰረዛል፤ የተቃናው ነው የሚቀረው።»

«ታናሽ አጎትሽ ኮድ ያውቃሉ?»

«እሱ?» እንባዋ ሳይደርቅ ፈገግ አለች። «ፕሪንተር እንኳ እኔ ነኝ የማበራለት።»

«ዛሬ ጠዋት ጠብ ነበር?»

ልጅቷ አመነታች። «ትልቁ አጎቴና ዶክተሩ በር ዘግተው ሲነጋገሩ ነበር። አጎቴ፣ "ዛሬውኑ አስተካክለዋለሁ" ሲል ሰማሁ። እዚህ ቤት ቀኑን ሙሉ የምንለው ቃል ስለሆነ ስለ ምስል መስሎኝ ነበር።»

መርማሪዋ የሟቹን መሳቢያ አስከፈተች። ከዚያ ያገኘችውን ይዛ ብቻዋን ቪዲዮው ፊት ብዙ ቆየች።

አሥር ሰዓት ላይ አስከሬኑ ተነሥቶ ሁሉም የዳማው ግድግዳ ፊት ተሰበሰቡ። ሜትሮ ከነካቴናው በሩ አጠገብ ቆመ።

«ይቺ ልጅ የዛሬውን ቪዲዮ በአዲሱ ቁጥር አቃንታልኛለች» አለች መርማሪዋ። «ይህ ስድስት ከአርባ ላይ ያለው ነው፤ ሜትሮ ሲገቡ።» የወረቀት ጠርዝ ስክሪኑ ላይ፣ በበሩ መቃን ልክ አስጠጋች። ወረቀቱና መቃኑ ገጠሙ። «ይህ ደግሞ ሰባት ሰዓት ከአምስት ነው፤ ኮሪደሩ ባዶ።» እንደገና አስጠጋች። ከመሀል ላይ፣ በወረቀቱና በመቃኑ መካከል፣ የእህል ፍሬ የምታህል ክፍተት ታየች። «በሩ ያው በር ነው። በሃያ አምስት ደቂቃ ውስጥ እንጨት ጎበጠ?»

«እና ምን ማለት ነው?» አለ ወንድምየው።

«ከስድስት ከሃምሳ አምስት እስከ ሰባት ሩብ ያለው ቪዲዮ በዛሬው ሌንስ አልተቀረጸም ማለት ነው። ገዳዩ ራሱን መሰረዝ ነበረበት። ብርሃኑ እንዲመሳሰል የትናንቱን የምሳ ሰዓት መረጠ። ቪዲዮው ላይ የሚታየውን ቀንና ሰዓት መቀየር ቀላል ነው። የትናንቱ ጥሬ ግን ተሰርዟል፤ ያለው የተቃናው ነው። ስለዚህ እንደገና አጎበጠውና ጥሬ አስመስሎ በዛሬው ውስጥ ከተተው። ያጎበጠው ግን በተሰነጠቀው ሌንስ ቁጥር ነው። ሌንሱ መቀየሩን አያውቅም ነበር።»

ከስክሪኑ ወደ ሰዎቹ ዞረች።

«ሜትሮ አይደሉም፤ ሌንሱን የቀየሩት እሳቸው ናቸው። ቪዲዮ ቢያበላሹ እንኳ ራሳቸውን ብቻ አስቀርተው ሌላውን ሁሉ አያጠፉም። ሥራ አስኪያጁ አይደሉም፤ ፕሪንተር ያስቸግራቸዋል።»

«ምን?» አለ ወንድምየው።

«ልጅቷም አይደለችም። አዲሱ ቁጥር ዓይኗ ሥር ተለጥፏል፤ እሷ ብታጎብጠው ኖሮ በትክክለኛው ታጎብጠው ነበር። የቀሩት ሌንሱ ሦስት ዓመት አልተነካም ያሉኝ ሰው ናቸው።» ክብ የሻይ ምልክት ያረፈበትን ወረቀት ዘረጋች። «ቁጥሩ ብርጭቆዎ ሥር ነበር፣ ዶክተር። የትናንቱ ፋይልም ኮምፒውተርዎ ላይ፣ ዛሬ ሰባት ከሃያ ላይ ተገልብጦ ተገኝቷል።»

«ለምን ብዬ እገድለዋለሁ?»

መርማሪዋ ከመሳቢያው ያወጣችውን የተማሪ ደብተር አሳየች። ሰሌዳውን መሀል ላይ ብቻ ሳይሆን ጥግ ጥጉ ላይ እየያዙ መለካት፤ ዶክተሩ የተጨበጨበለት ዘዴ ነው። በደብተሩ ላይ፣ ወገባቸው በተሰረዘ ሰባቶች፣ እሱ ከመቀጠሩ ሁለት ዓመት ቀድሞ ተጽፏል።

«አለቃው ደብተሩ ውስጥ በተዉት ማስታወሻ መሠረት፣ ዛሬ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ዘዴው የሜትሮ መሆኑን ለደንበኞች ሊናገሩ ነበር። አስተካክለዋለሁ ያሉት ምስል አልነበረም።»

የዶክተሩ ፊት ጠቆረ። ከዚያ ድምፁ ፈነዳ። «እና ምን ማድረግ ነበረብኝ? ስድስተኛ ክፍል ያልጨረሰ ሰው የሞነጫጨረውን ቁጭ ብዬ ላነብ?»

«ቢያነቡት ኖሮ አልደርስብዎትም ነበር» አለች መርማሪዋ።

ካቴናው ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው ተዛወረ። ዶክተሩ ሲወጣ በሜትሮ ትከሻ አጠገብ አለፈ፤ በዓይኑ ግን አላየውም። ልጅቷ «ጋሼ...» ብላ ጀመረችና ዋጠችው። መርማሪዋ ብቻ እጇን ዘርግታ ጨበጠችው።

ወንድምየው ወለሉን፣ የደረቀውን ደም፣ የፖሊሶቹን ጭቃማ ዱካ አየ። ጉሮሮውን ጠረገ።

«በል እንግዲህ ሜትሮ፣ የሆነው ሆነ። ነገ ሰው ይመጣል። ክፍሉን ጠረግ ጠረግ አድርገህ ዝጋው።»

ሜትሮ ካቴናው ያቀላውን አንጓውን አሸ።

«ወንድምህ ነው» አለው። «አንተ ጥረገው።»

ኮቱን ከመስቀያው አንሥቶ ደረጃውን ወረደ። ውጭ ገና ፀሐይ ነበር። ወንድምየው ባዶው ክፍል መሀል ቆሞ ወዲያ ወዲህ አማተረ፤ መጥረጊያው የት እንደሚቀመጥ አያውቅም ነበር።