ያልተሰበረው ጓጉንቸር

«ቁልፉ የታለ? ቁልፉን አምጡ!»

ከትምህርት ቤቱ መጋዘን በር ሥር ጭስ እየተትጎለጎለ ይወጣል። ድብብቆሽ ሲጫወቱ የገቡ ሁለት የአንደኛ ክፍል ልጆች ውስጥ ሆነው ያለቅሳሉ። የንብረት ክፍል ሠራተኛዋ ሳታያቸው ቆልፋ ወጥታለች። ችኩሊት (ቤተሰቧም ክፍሏም የሚጠሯት እንዲህ ነው) ጓጉንቸሩን በድንጋይ ትቀጠቅጣለች፤ ንቅንቅ አይልም።

የግብረ ገብ መምህሩ ቄስ እየሮጡ ደረሱ። «ዞር በይ ልጄ!» አሉና ከፀጉሯ ሁለት ማስያዣ መዘዙ። አንዱን አጠፉት፣ ሌላውን ቀጥ አደረጉት፤ ጓጉንቸሩ ውስጥ ከተው ጆሯቸውን አስጠጉ። ቀጭ! ዓይን ተጨፍኖ እስኪገለጥ እንኳ አልፈጀባቸውም። ጭሱን ሰንጥቀው ገቡ፤ ልጆቹን በሁለት ብብታቸው አቅፈው ወጡ።

«ይመችዎት አባ!» ግቢው በጭብጨባ ተናጋ።

ችኩሊት አላጨበጨበችም። ጓጉንቸሩን አንስታ አገላበጠችው። ከእሷ ድንጋይ ጭረት በቀር ምንም አልሆነም።

አያቷ በወጣትነታቸው የጨርቅ መደብር ዘበኛ ነበሩ። አንድ ቀን መደብሩ ተራቁቶ ተገኘ፤ ጓጉንቸሩ ግን ደህና ነበር። «ካልተሰበረ የከፈተው ዘበኛው ነው» ተባለና አምስት ዓመት ታሰሩ። ከወጡም በኋላ ሰፈሩ «ሌባው ዘበኛ» ማለቱን አልተወም። «ደጃፉ ላይ ሁለት ሽቦ አግኝቻለሁ፤ አንዱ የታጠፈ፣ አንዱ ቀጥ ያለ። ብናገር ማን ሰማኝ?» ይላሉ እስከ ዛሬ።

ከሰዓት በኋላ ቄሱን መምህራን ክፍል አገኘቻቸው። የተቃጠለ እጃቸውን በፋሻ ይጠቀልላሉ።

«አባ፣ ጓጉንቸር መክፈት የት ተማሩ?»

ፈገግ አሉ። «ወጣትነት ብዙ ያስተምራል።»

«የጨርቅ መደብሩንም ያኔ ነው የከፈቱት? ዘበኛው አያቴ ናቸው።»

ፋሻው ከእጃቸው ወደቀ። «ከመቀሰሴ በፊት ነው» አሉ። «ንስሐ ገብቻለሁ፣ ልጄ።»

«እርስዎ ንስሐ ገቡ፤ አያቴ እስር ቤት ገቡ! መታሰራቸውን ያውቁ ነበር?»

«አውቅ ነበር። ፈራሁ።»

አላውቅም ቢሏት ኖሮ ምናልባት ቁጣዋ ይበርድ ነበር። አሁን ግን «አምስት ዓመት!» ብላ ጮኸች።

ጩኸቷን ሰምተው የገቡት ርዕሰ መምህር ትከሻዋን ያዙ። «ተረጋጊ እንጂ! ዛሬ ሁለት ነፍስ አድነዋል። ነገ ሰልፍ ላይ እንሸልማቸዋለን። ላለፈ ክረምት ቤት አይሠራም።»

«አያቴ ላይ ግን ዛሬም እየዘነበ ነው» አለች እጃቸውን ከትከሻዋ እያነሳች።

ቄሱ አንገታቸውን ደፉ። «ምን ላድርግ?»

«ለእኔ መናገር ምን ያደርጋል? ለእሳቸው ይንገሩ። ከዚያ ለፖሊስ።»

«ነገ...»

«አሁን።»

ሌላ ጊዜ ቢሆን ቦርሳቸውን ትይዝላቸው ነበር። ዛሬ ባዶ እጇን ከፊት ከፊት ሄደች። ቄሱ በቆሰለ እጃቸው ቦርሳቸውን አንጠልጥለው ተከተሏት።

አያቷ በረንዳ ላይ ተቀምጠው ጫማ ይጠግናሉ። ቄሱ ሲመጡ አይተው ጉልበታቸውን ተደግፈው ብድግ ለማለት ሞከሩ።

«አባባ፣ አይነሱ» አለች ችኩሊት። «ዛሬ የሚቆሙት እሳቸው ናቸው።»