የሰባት ደቂቃው የፈረንሳይ ቀልድ

ብታምኑኝም ባታምኑኝም፣ ይህ በራሴ ላይ የደረሰ ነው።

በፈረንጆቹ 1984፣ መጋቢት፣ ረቡዕ። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት። ሆላንድ፣ ዴንሃግ ከተማ፣ ትራንስቫል ሰፈር፣ ከገበያው አጠገብ ያለ ምድር ቤት።

እኔና ጋሽ ሰንጋል አንድ የሆላንድ ሽማግሌ ያከማቿቸውን የድሮ ፊልሞች እናጸዳ ነበር። ጋሽ ሰንጋል አስመራ ሲኒማ ቤት ፊልም ሲያሳዩ የኖሩ ሰው ናቸው። እኔ አቧራውን እጠርጋለሁ፤ እሳቸው ፊልሙን ማሽኑ ላይ ሰክተው አለመበጠሱን ያያሉ።

የዚያን ቀን ያወጡት ድምፅ አልባ የፈረንሳይ ቀልድ ነበር። ሰባት ደቂቃ።

አንድ ወፍራም ሰውዬ ዳቦ ሰርቆ ይሮጣል። ዳቦ ጋጋሪው ያሳድደዋል። ፖሊሱ ይከተላል። ሞግዚቷም የልጁን ጋሪ ጥላ ትሮጣለች። ተጠላልፈው ሲወድቁ ጋሽ ሰንጋል እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ።

"እናትነሽ፣ ልድገመው?"

ደገሙት።

በሁለተኛው ግን ሰውዬው ተደናቀፈ...

ያዙት።

መጀመሪያ ስናየው አምልጦ ነበር።

ደበደቡት። የቀልድ ዱላ አልነበረም። መንቀሳቀስ ካቆመ በኋላም አልተዉትም።

ከዚያ ቀና አሉ...

ሁሉም። ወደ እኛ።

ዳቦ ጋጋሪው በዱቄት የነጣ ጣቱን ጋሽ ሰንጋል ላይ ቀሰረ።

"ያጥፉት" አልኩ በሹክሹክታ።

"አጥፍቼዋለሁ..."

የተነቀለው የኤሌክትሪክ ገመድ እጃቸው ላይ ነበር።

"ቀስ ብለሽ ውጪ" አሉኝ። "እንዳትሮጪ። እነዚህ የሚያሳድዱት የሚሮጠውን ነው።"

ደረጃውን መውጣት ጀመርን። አንድ... ሁለት... ሦስት...

ከኋላችን ትንፋሽ መጣ። የብዙ ሰው ትንፋሽ።

ጋሽ ሰንጋል አልቻሉም። ገፍተውኝ ሮጡ።

ስወጣ ገበያው መሃል ደርሰዋል። ፀሐይ ነበር። ጫማቸው ድንጋዩን ይመታል... ድምፅ ግን የለውም።

"ጋሽ ሰንጋል፣ ይቁሙ፣ አይሩጡ" አልኩ። አልሰሙኝም።

ሽንኩርት ሻጩ ሚዛኑን አስቀምጦ ተከተላቸው። አንዲት አሮጊት ዘንቢሏን ጣለች። ፖስተኛው ብስክሌቱን ለቀቀ። አንድም የጮኸ የለም። ምን አጠፋ ብሎ የጠየቀም የለም።

ሁሉም የመንገዱን ጥግ ዞሩ።

ከዚያ ወዲህ ጋሽ ሰንጋልን ያየ ሰው የለም።

እኔ አልተከተልኳቸውም። ይህን ስናገር ዛሬም ያሳፍረኛል።

ገበያው ባዶ ሆነ። አንዲት ዓሣ ሻጭ ብቻ ቀርታለች።

ቢላዋዋን እንደያዘች...

እግሬን እግሬን ታያለች።