ሚዛኑ የጻፈው

የዱቄት ፋብሪካው ባለቤት ጭንቅላቱ ተፈንክቶ በጭነት ሊፍቱ ሚዛን ላይ ተዘርሯል። መርማሪዋ ስትደርስ ሚስቱ የመካኒኩን ኮሌታ ጨምድዳ ይዛ ነበር።

«ገዳይ! ፍሬኑን ጠግን ሲልህ ስታላግጥበት ከረምክ!»

«ትናንት ጠግኜዋለሁ፤ አፍዎን ይሰብስቡ» አለ መካኒኩ።

የሟች ታናሽ ወንድም ክንዱን በሻሽ አንጠልጥሎ ጥግ ይዟል። አብሮ ወድቆ ተረፈ የተባለው እሱ ነው።

«እንዴት ሆነ?» አለችው መርማሪዋ።

«ሦስተኛ ፎቅ ላይ ቁልፉን ስጫን ፍሬኑ ለቀቀ። ጋሼ ሚዛኑ ላይ፣ እኔ በሩ ጋ ነበርኩ። ቁልቁል ስንምዘገዘግ እንደ እርሳስ ከበድኩ፤ ወለሉ ላይ ተጣበቅኩ። መሬት ስንመታ ራሱ ከብረቱ ጋር ተጋጨ።»

«ከበድክ?»

«የሆነውን ነገርኩሽ! ምን ታደርቂኛለሽ?»

መርማሪዋ ጎንበስ ብላ የሚዛኑን ሳጥን ከፈተች። ውስጡ ያለች ብዕር የጆንያውን ክብደት በሚዞር ወረቀት ላይ በመስመር ትጽፋለች። የዛሬውንና የትናንቱን ወረቀት ቀደደች። ቀጥላ ፍሬኑን አየች፤ ብሎኖቹ አልተሰበሩም፣ በመፍቻ ተፈተዋል።

ከቀትር በኋላ ሦስቱን ቢሮ ሰበሰበቻቸው።

«መፍቻ የያዘው ማን ሆነና!» አለች ሚስትየው፣ መካኒኩን በዓይኗ እየበላች።

«ይታገሱ» አለች መርማሪዋ። «ሊፍት ሲወድቅ ሰው አይከብድም፣ ይቀላል። ወለሉም ሰውየውም እኩል ስለሚወርዱ ወለሉን አይጫነውም፤ ሚዛኑ ባዶ ይላል። መሬት ሲመታ ደግሞ ብዕሯ ከወረቀቱ ትዘላለች። የዛሬው ወረቀት ግን ሊፍቱ ሲነሳ ሰባ ሁለት ኪሎ፣ መሀል ላይ ሰማንያ፣ ሊቆም ሲል ሰማንያ ስምንት ይላል። ሲነሳ ትንሽ መቅለል፣ ሲቆም መክበድ የደህና ሊፍት ነው፤ እንደ ወትሮው ቀስ ብሎ ነው የወረደው። ፍሬኑ የተፈታው ከዚያ በኋላ ነው።»

«ታዲያ ባሌን ምን ገደለው?»

ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን ዘረጋች። «የቆመ ሰው እግር ይቀያይራል፤ መስመሩ ይንቀጠቀጣል። የዛሬው ግን ልክ እንደ ትናንቱ ጆንያ ንቅንቅ የለበትም። ሊፍቱ ሲነሳ ባልዎ ላይ ፎቅ ራሳቸውን ተመትተው ሞተው ነበር። አብሬው ነበርኩ፣ አብረን ወደቅን ያለን ደግሞ አንድ ሰው ነው።»

ታናሽየው በሻሽ የታሰረ ክንዱን ረስቶ ጠረጴዛውን ደበደበ። «በሠራተኛ ፊት አባረረኝ! አሥራ ስምንት ዓመት ጆንያ አሸክሞኝ፣ እንደ ውሻ!»

ፖሊሶች ይዘውት ሲወጡ ሚስትየው ወደ መካኒኩ ዞረች። «ወንድሜ...» ብላ ለይቅርታ እጇን ዘረጋችለት።

«ለቀብሩ እመጣለሁ፣ ለእሳቸው ስል» አለ የመሣሪያ ሳጥኑን እያነሳ። «እርስዎ ግን እግዜር ይይልዎት።»