የወይዘሮ ደብሪቱ እንግዳ

ሚኒባሱ ሆቴሉ በር ላይ ሲደርስ ገና ጠዋት ነበር፤ ሙቀቱ ግን ከአሁኑ አንገት ላይ ይጣበቃል። ሰናይት የእናቷን ክንድ ደግፋ አሳፈረቻቸው። ወይዘሮ ደብሪቱ መስኮት አጠገብ ተደላድለው ተቀመጡና ቦርሳቸውን ጭናቸው ላይ አደረጉ። ቦርሳው ውስጥ ጭኮ አለ። የሰው አገር ምግብ ይከብደኛል ብለው ገብሱን በቅቤ አሽተው፣ ቆርቆሮ ውስጥ ጠቅጥቀው ከአዳማ እስከ ቬትናም ይዘውት መጥተዋል። ሰናይት አየር መንገድ ስለምትሠራ ያመጣቻቸው በቤተሰብ ቲኬት ነው። አባቷ ከሞቱ ወዲህ እናቷ መናኸሪያ አጠገብ ያለውን ምግብ ቤታቸውን ዘግተው ግድግዳ ሲያዩ መዋል ጀምረው ነበር፤ ልባቸውንም ትንሽ ያማቸዋል። ታላቅ ወንድሟ አስናቀ ኤርፖርት ድረስ ሸኝቷቸው፣ «ሰኒ፣ እማዬን አደራ። እንደወሰድሻት መልሺልኝ» ብሏታል። እሷም «ዕቃ መሰለችህ እንዴ?» ብላ ስቃበታለች።

አስጎብኚያቸው ሊን የምትባል ወጣት ነች፤ ቢጫ ኮፍያ ያደረገች፣ እንግሊዝኛዋ እንደ ውሃ የሚፈስ፣ ለአፍታ እንኳ ዝም የማትል። ያሉባት ከተማ ሁዌ የድሮ ነገሥታት መናገሻ እንደነበረች፣ ቀኑን ሙሉ ቤተ መንግሥቱን፣ ፓጎዳ የሚሉትን የቡድሃ ቤተ መቅደስና የንጉሡን መቃብር ጎብኝተው ማምሻውን በጀልባ እንደሚመለሱ አስረዳች። ሌሎቹ ተጓዦች አውስትራሊያውያን ባልና ሚስት ብቻ ናቸው፤ እነሱን ገና ከመነሳታቸው እንቅልፍ ወስዷቸዋል። ከዚያ ሊን ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ ዛሬ ከተማው ዘመድ የሌላቸውን ሙታን የሚያበላበት ቀን መሆኑን ነገረቻቸው። ሰው ሁሉ ደጁ ላይ ትሪ ያወጣል፤ ያወጣና ፊቱን ያዞራል። «ምግቡን አትንኩ። ከሁሉ በላይ ደግሞ ቆሞ የሚያያችሁን ሰው ኑ ብሉ ብላችሁ እንዳትጠሩ፤ በእጃችሁም እንዳታጎርሱ።»

«ምን አለች?» አሉ ወይዘሮ ደብሪቱ።

ሰናይት ይሄን ሁሉ ብተረጉም እማዬ ቀኑን ሙሉ ስታማትብ ልትውል ነው ብላ አሰበች። ደግሞም ሰነፈች፤ እውነቱ ይሄ ነው። «በየደጁ ያለውን ምግብ እንዳትነኪ ነው የምትለው።»

«ኤዲያ! ምን ቆርጦኝ ነው የሰው ምግብ የምነካው?»

በዚሁ አለፈ።

ቤተ መንግሥቱን አይተው ሲወጡ በእግር የገቡበት፣ ከአጥሩ ጀርባ ያለው መንገድ ጠባብ ነው። በግራም በቀኝም ከየበሩ ፊት ትሪ ተደርድሯል፤ የሩዝ አጥሚት በትንንሽ ሳህን፣ ጨው፣ የተላጠ ሸንኮራ፣ ፍራፍሬ፤ በቆርቆሮ ባልዲ ውስጥ ወረቀት እየነደደ ጢሱ ከረጠበው ግንብ ሽታ ጋር ተደባልቆ ጉሮሮ ይይዛል፤ ከሩቅ የሞተር ብስክሌት ጩኸት ይሰማል፣ መንገዱ ውስጥ ግን ቤቱ ሁሉ ሰው እያለበት ትንፍሽ የሚል የለም፣ ሁሉም ጀርባውን ለደጁ ሰጥቶ ተቀምጧል። ወይዘሮ ደብሪቱ ደከማቸውና አንድ ዛፍ ሥር ድንጋይ ላይ ተቀመጡ። ቆርቆሯቸውን ሲከፍቱ የቅቤው ሽታ እስከ ሰናይት ደረሰ። እሷ የአንዱን ቤት በር ፎቶ እያነሳች ነበር።

«ነይ እንጂ፣ ምን ያስቆምሻል? እንብላ!» ሲሉ ከኋላዋ ሰማች። «አንዴ ብቻ፣ በሞቴ!»

ሰናይት ያደገችው በዚህ ድምፅ ነው። ወያላውንም፣ ተሸካሚውንም፣ ቀኑን አውቶቡስ ሲጠብቅ የዋለውንም እንግዳ እናቷ እንዲሁ ነበር የሚጠሩት፤ ሰው እያያቸው የበሉበት ቀን የለም። ፈገግ ብላ ዞረች። ወይዘሮ ደብሪቱ ጣቶቻቸውን ገጥመው በሁለት ትሪዎች መሃል ወዳለው ባዶ ቦታ እጃቸውን ዘርግተዋል። እጃቸው ተመልሶ ሲመጣ ጭኮው የለም። ጣቶቻቸው እርጥብ ነበሩ።

«ማንን ነው እማዬ?»

«ይቺን ምስኪን ነዋ! አታያትም እንዴ ሆዷ ከጀርባዋ ተጣብቆ? በይ ድገሚ፣ አይዞሽ።»

ሰናይት አየች። ግንብ፣ ትሪ፣ አጥሚት። ነፋስ በሌለበት የአጥሚቱ ፊት ይንቀጠቀጥ ነበር። ሴትዮዋ ወደ አንዱ ቤት ገብታ ይሆናል ብላ ነገሩን ተወችው።

ሚኒባሱ ውስጥ ሲመለሱ ሊን እንደ ልማዷ ሰዎቿን በጣቷ ቆጠረች፤ እነ ሰናይት ጋ ስትደርስ ቆመች፣ እንደገና ከመጀመሪያው ጀመረች፣ ከዚያ ወደ ፊት ዞረች። ሹፌሩ መስታወቱን ቀና አድርጎ አየና ወደ ጣሪያው ገለበጠው። ሰናይት ከእናቷ አጠገብ ልትቀመጥ ስትል ወንበሩ ርሶ አገኘችው። የወንዝ ጭቃ ሽታ አለው፤ በላዩ ላይ ደግሞ ውሃ ያጠፋው አመድ የሚመስል ነገር ይሸታል። ከኋላ ተቀመጠች። ከፊቷ ያለው ባዶ ወንበር መኪናው ጉድጓድ በገባ ቁጥር፣ ሰው እንደተቀመጠበት ሁሉ፣ ሲጥጥ ይል ነበር።

ፓጎዳው ኮረብታ ላይ ነው። ትልቁ ደወል ሲመታ ድምፁ በድንጋዩ ወለል ገብቶ በእግር ይወጣል፣ ጥርስ ድረስ ይሰማል። ሰናይት እናቷን በወንዙ በኩል ባለው ግንብ ጥግ አገኘቻቸው። እየሳቁ ነው። አባቷ ከሞቱ ጀምሮ እንዲህ ሲስቁ አይታቸው አታውቅም።

«ከማን ጋር ነው የምትጫወቺው?»

«ከእንግዳዬ ጋር። ልጆች አሉሽ ወይ ብላኝ ስላንቺ እየነገርኳት ነው። ሁሉን ነገር ነው የምትጠይቀኝ፣ አንቺ ስትጠሪኝ ምን ብዬ እንደምመልስ ሳይቀር።»

«በምን ቋንቋ?»

«እኔ እንጃ ልጄ። ይገባኛል።»

ሰናይት እጃቸውን ያዘች። በዚያ ሁሉ ሙቀት እጃቸው በረዶ ነው። እማዬ አእምሮዋን እየሳተች ይሆን እንዴ የሚለው ሐሳብ ያን ጊዜ መጣባት፤ አስናቀን ምን ልትለው ነው? ሐኪም ቤት የት እንዳለ ለመጠየቅ ሊንን ፈለገቻት፣ ሊን ግን በሄደችበት ሁሉ ከእናቷ ርቃ ትቆማለች።

ምሳ ላይ ነገሩ ፈጠጠ። ወይዘሮ ደብሪቱ የቀረበላቸውን አልነኩም፤ «ጠግቤያለሁ» አሉ፤ በጠዋት ሙሉ የነበረው ፊታቸው ጎድጉዷል። ከቆርቆሮው የመጨረሻዋን ጭኮ ጠርገው አጠገባቸው ወዳለው ባዶ ወንበር እጃቸውን ዘረጉ። ሰናይት በዚህ ጊዜ ዓይኗን አልነቀለችም። ጭኮዋ አየር ላይ ጥቂት ቆየች፣ ከዚያ ከጠርዟ ተነክሳ አነሰች፣ ከዚያ ጠፋች። የሚያኝክ አፍ ድምፅ ጥርት ብሎ ተሰማ። ሊን ሳህኗን ትታ ተነሳችና ሰናይትን በክንዷ ጎትታ ውጭ አወጣቻት።

«እናትሽ በእጃቸው አጎረሷት? ጠርተው?»

«አዎ።»

«ጠዋት ነግሬያችሁ የለም እንዴ?»

ሰናይት አንገቷን ደፋች። «አልተረጎምኩላትም» አለች። ሊን አፏን በእጇ ያዘች። ከዚያ አያቷ የሚሉትን ነገረቻት፤ እነዚያ ሙታን ቤት የላቸውም፣ የጠራቸው ሰው ቤታቸው ይሆናል፣ ካልተሰናበቱም አይሄዱም። «እናትሽ ራሳቸው ሂጂ ይበሏት። ሴትዮዋ መልሳ ሳታጎርሳቸው፤ ካጎረሰቻቸው ቦታ ይለዋወጣሉ።»

ከሰዓት በኋላ የንጉሡ መቃብር ቅጥር ውስጥ፣ አረንጓዴ ሻጋታ የለበሱ የድንጋይ ወታደሮች በተሰለፉበት ግቢ፣ ሰናይት እናቷን ለመነች። ጠዋት ሳትተረጉም ያስቀረችውንና ሊን ያለቻትን ሁሉ ነገረቻቸው። ጥዶቹ ላይ ዳመናው ወርዶ ብርሃኑ ወደ አረንጓዴ ጠቁሯል፤ ጩኸታቸው ጆሮ ሲበሳ የዋለ በራሪ ነፍሳት አንድ ላይ ዝም ብለዋል። ወይዘሮ ደብሪቱ እስከ መጨረሻው ሰሟትና ተቆጡ።

«ጠርቼ ያበላሁትን ሰው ሂጂ ልበል? እኔ ደብሪቱ?»

«እማዬ፣ ሰው እኮ አይደለችም!»

«እርቧታል አይደል እንዴ? የራበው ሁሉ ሰው ነው። በይ አታሳፍሪኝ፣ ትሰማሻለች።»

ሰናይት አለቀሰች። ተንበርክካ እግራቸውን ያዘች። እናቷ ፀጉሯን ዳሰሷት፣ ሐሳባቸውን ግን አልቀየሩም፤ ዕድሜ ልካቸውን ያልሠሩትን ዛሬ ከየት ያመጡታል?

ወንዙ ዳር ሲደርሱ ዝናቡ መጣ። ሊን ለሁሉም ቆብ ያለው ስስ ሰማያዊ የዝናብ ላስቲክ አደለችና ለሰናይት በጆሮዋ ነገረቻት። አንቺም የቤቷ ሰው ነሽ፣ አንቺም ማሰናበት ትችያለሽ። ጀልባው ሊነሳ ሲል እናትሽን ጥሪ። የምትመልስልሽን አጥብቀሽ ያዢ፣ ሌላዋን ሂጂ በያት። ፊታቸውን እንዳታዪ፤ ፊቷን ካየ ሰው ጋር አብራ ትቀራለች ይላሉ አያቴ።

ጀልባዋ ዝቅተኛ ጣሪያ አላት፤ ውስጧ ጨለም ብሎ የናፍጣና የበሰበሰ እንጨት ሽታ ታፍኖበታል፤ ዝናቡ ጣሪያውን ይቀጠቅጣል፣ ከሥር ውሃው ሳንቃውን ቀስ እያለ ይልሰዋል። አውስትራሊያውያኑ ከፊት ከጀልባ ነጂው ጋር ናቸው። ሰናይት ጎንበስ ብላ ገባችና ቆመች። የኋለኛው አግዳሚ ላይ ሁለት ሰማያዊ ላስቲኮች ጀርባቸውን ሰጥተው ተጠጋግተው ተቀምጠዋል። አሁን ለዓይኗ ሁለት ናቸው። እኩል ቁመት፣ እኩል የጎበጠ ትከሻ። ከአንዱ ላስቲክ ሥር እጅ ወጣና ወደ ሌላው ቆብ ውስጥ ገባ፣ ተመለሰ። አሁንም እያጎረሰቻት ነው ብላ ተናደደች፤ ፍርሃቷ ሁሉ ወደ ንዴት ተለወጠ።

ሞተሩ ተነሳ። ሊን ከኋላዋ «አሁን» አለች።

«እማዬ!»

«ወዬ ልጄ» አለች አንደኛዋ ወዲያው። ሁለተኛዋ ዝም አለች።

ሰናይት ዓይኗን ጨፍና የመለሰችላትን እጅ በሁለት እጇ አፈፍ አደረገች። እጁ ሞቃት ነው! ቀኑን ሙሉ በረዶ የነበረው እጅ ሞቋል። ተመስገን ብላ እንባዋ ወረደ። «አንቺ» አለች ወደ ሌላዋ፣ «በልተሻል፣ ጠግበሻል። እዚህ ቤት የለሽም። ከእናቴ ራቂ። ሂጂ!»

ሌላዋ አልተነሳችም መጀመሪያ። አንድ ነገር ልትል እንደፈለገች ሁሉ እጇን ወደ አፏ ወሰደች። ከዚያ ቀስ ብላ ተነሳች፣ ላስቲኳን ሰብሰብ አድርጋ ሰናይትን አልፋ ወጣች፤ ስታልፍ ብርዷ ብቻ ተሰማ። መሸጋገሪያው ሳንቃ ተነሳ፤ ጀልባዋ ከዳር ለቀቀች። ሊን ረጅም ትንፋሽ አወጣች። ሰናይት የያዘችውን እጅ ደጋግማ ሳመች።

ትንሽ ራቅ ሲሉ ቀና ብላ ወደ ዳር አየች። ያቺ የወረደችው ሰማያዊ ላስቲክ ዝናቡ ውስጥ ቆማለች። አፏ ሙሉ ነበር፤ አኝካ፣ እንደምንም ውጣ፣ ቆቧን ወደ ኋላ ገፋች። ሽበታሙ ፀጉር፣ ጎድጎድ ያለው ጉንጭ። ወይዘሮ ደብሪቱ ናቸው።

«ሰኒ! ኧረ ሰኒዬ፣ ምነው? ምን አደረግኩሽ?»

«መልሱት!» ብላ ጮኸች ሰናይት፤ «ጀልባውን መልሱት፣ እናቴ ናት!» ሊን ዳሩን ተመለከተች፣ ከዚያ ሰናይትን በሐዘኔታ አየቻት። እዚያ ማንም የለም፣ እናትሽ ይኸው እጅሽን ይዘው የለም እንዴ አለቻት። ዳር ላይ ያሉት ሴት አሁንም ይጣራሉ፤ ጭቃው ውስጥ ጥቂት ተራመዱ፣ ውሃው ጋ ሲደርሱ ቆሙ፤ ዝናቡ ድምፃቸውን እየሸፈነው ሄደ። ሰናይት ልትዘል ተነሳች፣ ሞቃቱ እጅ ግን አልለቃትም።

«ተያት ልጄ» አለቻት ከጎኗ የተቀመጠችው፣ በእናቷ ድምፅ፣ ቀስ ብላ፤ «ሂጂ ያልሻት እኮ አንቺ ነሽ።»