ትራፊ ግጥሚያ

«ላሽ! ላሽ በሉ! ትራፊ ነው!» ብሎ ጮኸ ብሮዲ።

ዴላኒ ውጤቱን ገና አላየችውም። የኮምፒውተሯ ማያ ግማሹ ተከፍቷል፣ ግማሹ ገና ጥቁር ነው። ከዚያ ቁጥሮቹ ከላይ ብቅ አሉ፤ አንድ ለሰባት። ያቺን አንዷን ነጥብ እንኳ ያገኟት እነሱ አይደሉም። ከእነሱ በፊት በዚያ ቦታ የነበሩ፣ ሽንፈቱ ሲመርራቸው ጥለው የሄዱ ሦስት የማያውቋቸው ሰዎች ናቸው። ጨዋታው ክፍት ቦታውን ለመሙላት እነዴላኒን አምጥቶ መሀል ላይ ጣላቸው።

የመውጫውን ቁልፍ ተጫነች።

«ትሬንት፣ ወጣህ?»

«ከእኔ ቀድሞ ማን ወጥቶ ያውቃል?» አለ ትሬንት። ቺፕስ ሲያደቅ በጆሮ ማዳመጫው ይሰማል።

«የሰው ሽንፈት ማን ይሸከማል፣ አቦ!» አለ ብሮዲ።

ማያው ላይ ቀይ ጽሑፍ መጣ። ተጀምሮ የነበረ ግጥሚያ ጥሎ የወጣ ሰው ይቀጣል፤ ቅጣቱም መጠበቅ ነው። መጀመሪያ አምስት ደቂቃ ነበር። ቀጥሎ ሩብ ሰዓት፣ ከዚያ ግማሽ ሰዓት። ዛሬ ግን ሃያ አራት ሰዓት ይላል።

«ሙሉ ቀን?» አለ ትሬንት። «እናቴ እንኳ እንዲህ ቀጥታኝ አታውቅም!»

ዴላኒ ቁጥሩ እየቀነሰ ሲሄድ አየችው። አልተናደደችም። ከጥር ወዲህ ብዙም የሚያናድዳት ነገር የለም።

እስከ ጥር ድረስ አራት ነበሩ። ጨዋታው አራት ለአራት ነው፤ አስር ነጥብ ቀድሞ ያገኘ ያሸንፋል። እሷ፣ የአክስቷ ልጅ ብሮዲ፣ የብሮዲ ጓደኛ ትሬንትና ታላቅ ወንድሟ ኪራን። ጥር ላይ አባትና እናቷ ተለያዩ። ኪራን ከአባቱ ጋር ወደ ምዕራብ ካናዳ፣ ወደ አልበርታ ሄደ። «ከዚያ ሆኜ እገባለሁ፤ ሰዓቱ የሚለየው በሁለት ሰዓት ብቻ ነው» ብሎ ነበር። በመጀመሪያው ሳምንት ሁለት ቀን ገባ። ከዚያ በኋላ ከስሙ አጠገብ የነበረው አረንጓዴ ነጥብ ጠፋ።

ዴላኒ አላለቀሰችም። እናቷ ስንት ቀን አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀምጣ ጠበቀቻት። «ደህና ነኝ እኮ፣ እማ» አለቻት። ውሸት አልነበረም። የጥርስ ሐኪም መርፌ የወጋው ድድ ዓይነት ነገር ነበር። ቢነኩት መነካቱን ታውቃለች፤ ሌላ የለም።

በማግስቱ ትምህርት ቤት፣ ምሳ ሰዓት ላይ ብሮዲ ሰሃኑን አንስቶ ከፊቷ ዱብ አለ።

«አገኘሁት፣ ዴል! ለምንድነው ትራፊ ውስጥ የሚከቱን? ሦስት ስለሆንን ነው። ሦስት ሰው ጥሎ የወጣበት ግጥሚያ ሞልቷል። አራት ሆነን ከገባን ግን የት ይከቱናል? አራቱም ከወጡ ግጥሚያው ያልቃላ!»

«አራተኛ የለንም» አለች ዴላኒ።

«እንፈልጋለን። ያቺ ከእናንተ ክፍል ያለችው አዲሷ ልጅስ?»

«ዊላ? መጫወት የምትችል አይመስለኝም።»

«መጫወት ማን አላት? ቁጥር ነው የምፈልገው። ወንበርም ቢሆን ስም ካለው አስገባዋለሁ።»

ትሬንት ሳቀ። ዴላኒም ትንሽ ፈገግ አለች፤ ፈገግ የሚባልበት ቦታ ስለነበረ።

ዊላ ከኬኖራ ከተማ የመጣችው በየካቲት ነው። አባቷ የባቡር ሠራተኛ ነው፤ ሥራው ወደዚህ ወደ ተንደር ቤይ አዞረውና ቤተሰቡም ተከተለው። እሷ ክፍል ስትገባ የሳይንስ ሥራው ተከፋፍሎ፣ የምሳ ጠረጴዛው ሁሉ ባለቤት አግኝቶ ነበር። የምትበላው ለስላሳ መሸጫው ማሽን አጠገብ ነው።

«እኔን?» አለች ዴላኒ ስትጠይቃት። «የምርሽን ነው? እኔ እኮ ጨዋታ ላይ በቀጥታ መሄድ እንኳ አልችልም። አንዴ የአጎቴ ልጅ አስይዞኝ ከገደል ላይ ሦስት ጊዜ ወደቅሁ። ሦስቱንም በአንድ ገደል!»

«ችግር የለም።»

«ዛሬ? ስንት ሰዓት? የአባቴ ላፕቶፕ ይሠራል? አሮጌ ነው፤ ሲሞቅ እንደ ፀጉር ማድረቂያ ይጮኻል።»

«ይሠራል» አለች ዴላኒ። የልጅቷ ፊት እንዴት እንደበራ አየች። አየችና ወደ ሂሳብ ክፍል ሄደች።

ዘዴው ሠራ። አስር ሰዓት ላይ አራት ሆነው ገቡ፤ ዜሮ ለዜሮ። ቀጣዩም ዜሮ ለዜሮ። ብሮዲ እየዘፈነ ነበር። ዊላ ግን ዓይኗን ታስራ እንደምትጫወት ዓይነት ሆነች። ትወድቃለች፤ በራሷ ሰው ላይ ትተኩሳለች፤ «ይቅርታ! ይቅርታ! ኧረ ማነው የመታኝ? እኔው ነኝ እንዴ?» ትላለች። ወሬዋም ማቆሚያ የለውም።

በሁለተኛው ቀን ብሮዲ ሁለት ነገር አደረገ። መጀመሪያ የጨዋታውን የመነጋገሪያ ድምፅ ዘጋና ትሬንትና ዴላኒም እንዲዘጉት ነገራቸው። ሦስቱ በስልክ ተደዋውለው ማውራት ጀመሩ። ለዊላ ደግሞ እንዲህ ብሎ ጻፈላት፦ «ስንጫወት እኛ አናወራም፤ ትኩረት ነው። አንቺን ግን እንሰማሻለን። ሥራሽ የኋላውን በር መጠበቅ ነው። ትልቁ ሥራ እሱ ነው፤ በዚያ ከገቡብን አለቀልን።»

ጨዋታው ውስጥ፣ በሰፈራቸው ጀርባ በእርግጥ ትልቅ የብረት በር ይታያል። ግን በር አይደለም። ግድግዳ ላይ የተሳለ ስዕል ነው። አይከፈትም፤ ከኋላውም መንገድ የለም።

«እሺ!» ብላ ጻፈች ዊላ። «ዝንብ አላሳልፍም።»

ትሬንት በስልኩ ውስጥ በሳቅ ሞተ። ዴላኒ ጠመንጃዋን ሞላች።

ሁለት ሳምንት እንዲህ አለፈ። በየቀኑ አራት ግጥሚያ። ማያው ላይ የዊላ ሰው በሩ ፊት ወዲያ ወዲህ እያለ ጠመንጃውን ደግኖ ይቆማል። ትራፊ ውስጥ የከተታቸው የለም። አንዳንዴ ያሸንፋሉ፣ አንዳንዴ ይሸነፋሉ፤ ለዴላኒ ሁለቱም እኩል ነበር። የምትፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ከመጀመሪያው መጀመር።

ሐሙስ ጠዋት ዊላ ከቁም ሳጥኖቹ ጋ ያዘቻት። በእጇ ደብተር አለ።

«ይኸውልሽ፤ ሁሉንም ጽፌዋለሁ» አለችና ገለጠችላት። የበሩን ስዕል በእርሳስ ሠርታዋለች፤ ከሥሩ ቀኑና ግጥሚያው ተደርድሯል። «እስካሁን አንድም ሰው አልመጣም። አንድም! ፈርተውኝ ነው አይደል?»

«ሊሆን ይችላል» አለች ዴላኒ።

«ሌላ ደግሞ ልንገርሽ። የስፖርት አስተማሪዋ ሚስ ሃልቨርሰን ጠርታኝ ነበር። ከርሊንግ ቡድኑ ውስጥ አንዷ ልጅ እግሯ ተሰብሯል፤ ውድድሩ ደግሞ ተጋምሷል። እኔ ኬኖራ እያለሁ ከስምንት ዓመቴ ጀምሮ የከርሊንግ ድንጋይ በረዶ ላይ አንሸራትት ነበር። ግቢ አለችኝ።»

«ታዲያ?»

«ልምምዱ ከትምህርት በኋላ ነው፤ በእኛ ሰዓት። አይ፣ ቡድን አለኝ አልኳት።» ዊላ ደብተሩን ዘጋች። «እስከ ዛሬ አስራ አንድ ሰዓት አስቢበት አለችኝ። ካልሆነ ሌላ ልጅ ታስገባለች። የበረዶ አዳራሹ ከቤታችን ሁለት መንገድ ብቻ ነው የሚርቀው፤ ግን በቃ። በሩን ለማን ትቼ?»

መናገሪያው ጊዜ ያ ነበር። ዴላኒ ይህን ታውቅ ነበር። አፏንም ከፍታ ነበር። ደወሉ ተደወለ፤ «እሺ» አለችና ሄደች።

አስር ሰዓት ላይ ገቡ። ግማሽ ሰዓት ያህል ሆኗል፤ ሁለተኛው ግጥሚያ ላይ ሦስት ለአምስት ተመርተዋል። የዴላኒ ስልክ ጠራ። እናቷ ናት፤ ከምትሠራበት የአረጋውያን መጦሪያ። የነብሮዲ መስመር ተቋረጠ።

«ዴል፣ ማካሮኒው ፍሪጅ ውስጥ ነው። በላሽ?»

«እበላለሁ።»

«ደህና ነሽ ግን?»

«ደህና ነኝ።»

«ኪራን ደወለ?»

«አልደወለም።»

ከእናቷ ኋላ የሆነ ሽማግሌ ሻይ ይጠይቃል። «እሺ የኔ ቆንጆ። ብዪ እንጂ» አለችና ዘጋች።

ክፍሉ ጭጭ አለ። ዴላኒ መልሳ ለብሮዲ ከመደወሏ በፊት የጨዋታውን የመነጋገሪያ ድምፅ ከፈተች። ከተዘጋ ሁለት ሳምንቱ ነው።

«የኋላው በር ሰላም ነው» አለ አንድ ድምፅ።

ቀስ ያለ ድምፅ ነበር፤ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ እንዳለ ሰው። የዴላኒ ጣት ቁልፉ ላይ ቆመ። የሆነ ዜማ ሲንጎራጎር ሰማች፤ ውሻ ጮኸ፤ «ዝም በል፣ ሥራ ላይ ነኝ» ተባለ። ከዚያ እንደገና፦

«የኋላው በር ሰላም ነው። አምስት ለሦስት ቢመሩንም አይዟችሁ። እኔ አለሁ።»

ዴላኒ መቁጠር ጀመረች። በየሁለት ደቂቃው አንዴ ቢሆን፣ በአንድ ግጥሚያ ስንት፣ በቀን ስንት። አልጨረሰችውም።

ጨዋታው ውስጥ ያለውን የራሷን ሰው አዙራ ወደ ኋላ ሮጠች። ማያዋ ጥግ ላይ የብሮዲ ጽሑፍ ተከታተለ፦ «የት ነሽ?» «ዴል ፊት ለፊት ነይ!» «ተበላን እኮ!!»

የዊላ ሰው ለሁሉም ጀርባውን ሰጥቶ፣ ፊቱን ወደተሳለው በር አዙሮ ቆሟል።

«ዊላ።»

ሰውዬው ተሽከርክሮ ጣሪያው ላይ ተኮሰ። «ወይኔ! ዴላኒ? አስደነገጥሽኝ! አይወራም አልተባለም እንዴ?»

«ይወራል። በስልክ ነው የምናወራው። ሦስታችን።»

«እ?»

«ድምፅሽን ዘግተነው ነበር። ማንም አይሰማሽም። እኔም ዛሬ ገና መስማቴ ነው። በሩም በር አይደለም፣ ስዕል ነው። ማንም አይመጣበትም። የጠራንሽ አራት እንድንሆን ብቻ ነው፤ ሦስት ስንሆን ተጀምሮ የነበረ ግጥሚያ ውስጥ ይከቱናል።»

ሁሉንም በአንድ ትንፋሽ አለችው፤ የገበያ ዝርዝር እንደሚያነብ ሰው።

የዊላ ሰው ቀስ ብሎ ዞረና በሩ ላይ ተኮሰ። ጥይቱ ሌላ ግድግዳ ላይ እንደሚያርፈው አረፈ።

«ከመጀመሪያው ጀምሮ?»

«አዎ።»

«አንቺም ታውቂ ነበር?»

«አዎ።»

«ዛሬ ጠዋትም? ስለ ከርሊንጉ ስነግርሽ?»

«አዎ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

ዴላኒ ብሮዲ ነው ማለት ትችል ነበር። «አላውቅም» አለች። «ምንም አልተሰማኝም።»

«እኔ ግን ይሰማኝ ነበር» አለች ዊላ።

አልጮኸችም። የተሳሳተ መልስ እንደምታርም ነበር ያለችው። ቀጥሎ አፍንጫዋን ሳብ አደረገች። «አሁን ስንት ሰዓት ነው?»

«አስር ከአርባ።»

ወንበር ሲንኳኳ ተሰማ። አንድ ነገር ወደቀ። «አባ! ጫማዬን የት አደረጋችሁት? ያንን አይደለም፣ የበረዶውን!» እግር ሲሮጥ ተሰማ፤ ውሻውም እየጮኸ ተከተላት። የዊላ ሰው ብቻውን በሩ ጋ ቀረ። ትንሽ ቆይቶ ጨዋታው ከሜዳ አወጣው።

ስልኩ ጠራ። ብሮዲ ነው፤ ትሬንትም መስመሩ ላይ አለ።

«ምን ሆነሻል አንቺ? ልጅቷስ?»

«ነገርኳት።»

«ምኑን?»

«ሁሉንም።»

«አበድሽ? ሦስት ቀረን እኮ! ከነገ ጀምሮ ደግሞ ትራፊ ስንለቅም ልንውል ነው! በእሷ ምን አገባሽ? አንድ ነገር አድርገናታል? ቆመች አይደል፣ በቃ!»

«ስታወራልን ነበር» አለች ዴላኒ። «በሩ ሰላም ነው፣ አይዟችሁ እያለች። በየቀኑ።»

የትሬንት የቺፕስ ኮሽታ ቆመ። «ኧረ…» አለ። «ኧረ ሼም ነው፣ ብሮዲ።»

«አታካብዱ! ስምንት ለሦስት ሆኗል። ላሽ በሉ፣ ልውጣ።» ብሮዲ ወጣ። ስልኩንም ዘጋው። ትሬንት ትንሽ ቆየ፤ «ዴል፣ እኔም ወጣሁ፤ ነገ እናውራ» ብሎ ተከተለው።

ዴላኒ ጣቷን መውጫው ቁልፍ ላይ አድርጋለች። ብቻዋን ለአራት ናት። ግድግዳዋ ላይ ያለው ሰዓት አስራ አንድ ሊሆን አስር ደቂቃ ይላል። ዊላ ደርሳ ይሆናል፤ ወይም አልደረሰች ይሆናል። ሊነግራት የሚችል ሰው የለም። ነገ ትምህርት ቤት ፊቷን ታያለች፤ መሸሽም አይቻልም።

ማያው ላይ አዲስ ስም ብቅ አለ። ከኋላዋ አንድ ሰው መሀል ሜዳ ላይ ተወርውሮ ግራ ቀኙን ያያል።

«ሄሎ? ሰው አለ?» የልጅ ድምፅ ነው፤ ከበስተጀርባው ቴሌቪዥን ይሰማል። «ሦስት ለዘጠኝ? ተጀምሮ ነው እንዴ ያስገቡኝ?»

«አዎ» አለች ዴላኒ። «እየተሸነፍን ነው። ሌሎቹ ወጥተዋል።»

«ኤጭ!» ልጁ ተነፈሰ። «አንቺስ? ልትወጪ ነው?»

ዴላኒ ጣቷን ከቁልፉ አነሳች።

«አልወጣም» አለች። «በግራ በኩል ና። የሚመጡት በዚያ ነው።»