ዝማኔ ያልተቀበለው ማሽን

የኮምፒውተር ክፍሉ ኃላፊ ሬሳ የተገኘው ሰርቨር ክፍሉ ውስጥ፣ በሩ ሥር ነው፤ ጥፍሮቹ በሩን ሲቧጥጡ ተሰባብረዋል። አንድ ሰው ኮሪደሩ ላይ ያለውን የእሳት ማጥፊያ ጋዝ ቁልፍ ተጭኖ ነበር። ጋዙ አየሩን ሲያባርረው፣ በራሱ ሊከፈት የሚገባው በር ሳይከፈት ቀረ። እሳት የሚባል ነገር ግን አልነበረም።

ባልደረቦቿ «መርፌ» የሚሏት መርማሪ ስትደርስ የሟቹ ታናሽ ወንድም በካቴና ታስሯል። እሱም እዚያው ቴክኒሻን ነው። ጠዋት ከወንድሙ ጋር ሲሰዳደብ ፎቁ ሁሉ ሰምቷል። ፖሊሶቹ ወደ ጣቢያ ሊወስዱት ክንዱን ይዘውታል።

«ቆይ፣ ምን አስቸኮላችሁ?» አለች መርፌ።

የሕንፃው ጥበቃ ፊቷን እንዳጨፈገገች መለሰችላት። «እኔ ምን አውቃለሁ? ሁለቱም ኮሪደሩ ላይ ሲንጎራደዱ አይቻለሁ፤ ወንድምየውም፣ የሟቹ ምክትልም። ማን እንደተጫነ አላየሁም። ሟቹን እንደሆነ የሚወደው የለም። ምክትሉን በሰው ፊት ‹አንተ ሽማግሌ፣ ቦታውን ልቀቅ› እያለ ነው የሚያዋርደው። ኮምፒውተሩን ደግሞ አትጠይቂኝ፤ ማብራትም አልችል።»

ጸጉሩ የሸበተው ምክትል ሟቹን ሥራ ያስተማረ ሰው ነበር፤ በኋላ ግን ተማሪው አለቃው ሆነበት።

«በሩ የሚታዘዘው በአንድ ኮምፒውተር ነው» አላት። «ያ ማሽን ደግሞ ያኔ ራሱን እያዘመነ ነበር። ሲዘምን በሩ ትዕዛዝ አይሰማም። እሱ የአጋጣሚ ነገር ነው። ጋዙን የለቀቀው ግን ያ ጥጋበኛ ወንድሙ ነው።»

«በጣም ነው የሚጠሉት» አለች መርፌ።

«እሱ ቴክኒሻን ነው? ሉካንዳ ነበር መሥራት ያለበት! አዲስ ፋይል ሲያስገባ አሮጌውን ደምስሶ ነው፤ ቅጂ ብሎ ነገር አያውቅም። ስንት ማሽን ገድሎ እኔ ነፍስ ዘርቼበታለሁ!»

መርፌ ወደ ታሳሪው ዞረች። «የበሩን ኮምፒውተር የሚያዘምነው ማነው?»

«ማንም!» አለ በንቀት። «ዓመቱን ሙሉ ዝማኔ አልቀበልም ብሏል። የሚመጣውን ዝማኔ ተቀብለው ቦታ ቦታው የሚያስገቡት ላይብረሪ ፋይሎች ናቸው። የሱ አርጅተዋል፤ የመጣውን ሁሉ ይመልሳሉ። ላድሳቸው ስል ወንድሜ ‹አንተ የነካኸው አይድንም› አለኝ። ጠዋት የተሰዳደብነው በዚሁ ነው።»

«እነሱ ሳይታደሱ ማሽኑ ራሱን ሊያዘምን ይችላል?»

«እንዴት አድርጎ!»

«ላድስ ያልከው አንተ ብቻ ነህ፤ ገመዱን በገዛ አንገትህ ላይ እያጠበቅህ መሆኑን ታውቃለህ?»

«አጥብቂውና ገላግይኝ!»

መርፌ ተቆልፎ የቆየውን የማሽኑን ካቢኔ አስከፈተች። የፖሊሱ ባለሙያ ስክሪኑን ሲያበራ ዛሬ የገቡ አዳዲስ ላይብረሪ ፋይሎች ታዩ። ከጎናቸውም የቀድሞዎቹ፣ በየስማቸው መጨረሻ «አሮጌ» የሚል ተጨምሮባቸው ተደርድረዋል። መርፌ ጥበቃዋን፣ ምክትሉንና ታሳሪውን ሦስቱንም ወደ ካቢኔው አስጠራቻቸው።

«አጋጣሚ የለም» አለች። «አንድ ሰው ዛሬ ፋይሎቹን በእጁ አደሰ፣ ዝማኔውን ለቀቀ፣ ማሽኑ ሲጠመድ ጋዙን ተጫነ።»

«አልኩ እኮ!» አለ ምክትሉ። «ላድስ፣ ላድስ እያለ ሲጨቀጭቅ የከረመው ማን ሆነና?»

«የጨቀጨቀውስ እሱ ነው። ግን እርስዎ ማሽኑ እየዘመነ እንደነበር የነገሩኝ ይሄ ካቢኔ ሳይከፈት ነው። ዓመቱን ሙሉ እምቢ ያለ ማሽን ዛሬ እሺ ማለቱን ከማን ሰሙ?»

«ገመትኩ።»

«ይሁን። አሮጌዎቹንስ ፋይሎች ማን አስቀመጣቸው? ጥበቃዋ ኮምፒውተር አታበራም። ይሄ ልጅ ቅጂ እንደማያስቀምጥ የነገሩኝ እርስዎ ነዎት።»

«እኔን ለማስያዝ አውቆ ትቷቸው ቢሆንስ?»

«እርስዎን ማስያዝ የፈለገ ሰው አንዴ እንኳ ስምዎን ባነሳ ነበር። እሱ በካቴና ታስሮም አላነሳዎትም። ሊገድሉ መጥተው እንኳ፣ መምህር፣ ያለ ቅጂ መሥራት አልሆነልዎትም።»

የምክትሉ ፊት እንደተሰደበ ሰው ቀላ። «ያለ ቅጂ?» ብሎ ጮኸ። «ማሽኑ ቢወድቅስ? ማን ይመልሰዋል?»

ፖሊሱ ካቴናውን ከታናሽ ወንድሙ እጅ ፈታ። ልጁ ምክትሉ ፊት ሄዶ ቆመ።

«ወንድሜንስ?» አለው። «ወንድሜን ማን ይመልሰዋል?»

ምክትሉ ዓይኑን ከስክሪኑ ላይ አላነሳም።