ወፍ ብቻ የበላው ማንጎ

የሻው እሑድ ማለዳ ከማሳው ወሰን፣ ከማንጎው ዛፍ ሥር ሞቶ ተገኘ። በጋቢው ጫፍ ጥቂት ማንጎ ተቋጥሯል። መንደርተኛው ሊለቅም ወጥቶ ወደቀ አለ። ከአሶሳ በባጃጅ የመጣችው ኢንስፔክተር የትናየት በሬሳው ላይ ጎንበስ አለች፤ ምንም አልተሰማትም። ከብዙ ሬሳ በኋላ ዓይኗ ብቻ ነበር የቀራት።

ራስ ቅሉ ከኋላ ተፈንክቷል። መዳፉ ንጹሕ ነው። ማንጎዎቹ ግን ከተቀጠፉበት ላይ ወተት አውጥተዋል፤ ቆዳ የሚያቃጥል፣ ሲደርቅ የሚጠቁር ወተት። ከዛፉ ሥር የዓመታት ፍሬ በስብሷል።

የሻው በሰፈራ መጥቶ ላረሰው መሬት የይዞታ ማረጋገጫ ከጠየቀ ዓመታት አልፈዋል። የወረዳው የመሬት ጽሕፈት ቤት እሺም እምቢም አላለው። እምቢ የተባለ ይግባኝ ይላል፤ «ነገ ና» የተባለ ሰው በምኑ ላይ ይግባኝ ይበል? ሰውን በቁሙ መቅበር ይህ ነው። የሻው ግን ዝምታውን ራሱን ከሰሰ። ፍርድ ቤቱም መሬቱን ስጡት አላለም፤ ኃላፊው ደባልቄ ሰኞ ቀርቦ ያልወሰነበትን ምክንያት ያስረዳ አለ።

የሟች ሚስት አገኘሁሽ አላለቀሰችም። ባሏ ዳኛው ፊት ደባልቄን አንድ ነገር ብቻ ሊጠይቀው ይዝት እንደነበር ለየትናየት ነገረቻት፤ ወሰኑ ላይ ምን እንደበቀለ።

«ክሱስ አብሮት ሞተ?» አለች።

ሰው ገድሎት ከሆነ ግን የሁሉም ዓይን ያረፈው በአዋሳኙ በዋቅሹማ ላይ ነበር፤ ዛፉ የእኔ ነው ሲል ኖሯል።

«ሽማግሌ ከለከለን» አላት። «መሬት ሳይወሰን ከዚህ ዛፍ የበላ ተረታ። እኔ አልበላሁም፣ እሱ አልበላም። ወፍ ብቻ በላ።»

የሟች ታናሽ ወንድም ምንይሉም ይህንኑ መሰከረ። እሱንም መሬቱን ፈልጎ ገድሎት ነው ብለው የሚያሙት ነበሩ።

ከቀትር በኋላ ደባልቄ ለቅሶ ሊደርስ መጣ። የትናየት ሁሉንም ከዛፉ ሥር ሰበሰበቻቸው።

«መሬቱን ከዚህ በፊት አይተውታል፣ አቶ ደባልቄ?»

«ሁለት ጊዜ። ለፍርድ ቤቱም በመሐላ አረጋግጫለሁ።»

«የሻውንስ ያውቁት ነበር?»

«ምስኪን፣ ማንጎ ወዳጅ ነበር። በመጣሁ ቁጥር ከዚሁ ሲለቅም ነበር የማገኘው።»

ዋቅሹማ ቀስ ብሎ ቀና አለ።

«የሻው ከዚህ ዛፍ አይለቅምም» አለች የትናየት፣ ድምፅዋን ሳትለውጥ። «ለዓመታት ሲከራከር ኖሮ በቀጠሮው ዋዜማ ራሱን አይረታም። እጁም ወተት አልነካውም። ስለዚህ ማንጎውን የቋጠረለት ሌላ ሰው ነው፤ ክልከላውን የማያውቅ ሰው። ዋቅሹማ ያውቃል፣ ምንይሉ ያውቃል፣ የመንደሩ ሕፃን ሁሉ ያውቃል። የማያውቀው እዚህ ረግጦ የማያውቅ ነው። ሁለት ጊዜ አየሁ ብለው በሐሰት ማሉ። ነገ ዳኛው ፊት ሲጠየቁ እንዳያፍሩ ዛሬ ማለዳ ሊያዩ መጡ። ባለመሬቱ አገኘዎት፤ በድንጋይ መቱት። እጅጌዎን ይሰብስቡልኝ።»

አልሰበሰበም። ምንይሉ ክንዱን ይዞ ገለጠው። ከአንጓው በላይ ቆዳው ቀልቷል፤ የወተቱ ጠብታ ደርቆ ጠቁሯል።

«ጉዳዩ በሂደት ላይ ነበር» አለ ደባልቄ።

«አንድ ቀን መጥተው ቢያዩ ኖሮ» አለች የትናየት፣ «መግደልም አያስፈልግዎትም ነበር፤ ቢገድሉም ማንጎ አይቋጥሩም ነበር።»

ፖሊሶች ደባልቄን ከወሰዱት በኋላ ወደ አገኘሁሽ ዞረች። «ክሱ አልሞተም፣ እትዬ። ወራሽ ነዎት፤ ነገ ቀርበው እቀጥላለሁ ይበሉ።»

አገኘሁሽ በእሺታ ራሷን ነቀነቀች። ዋቅሹማ የሚያደርገው ጠፋው፤ ዝቅ ካለው ቅርንጫፍ አንድ የበሰለ ማንጎ ቀጥፎ በሁለት እጁ ዘረጋላት። የራሱን ክርክር መጣሉ ነበር።

ሴትዮዋ ፍሬውን አየችው፤ አልተቀበለችውም።

«ተወው ወንድሜ» አለች። «ገና አልተወሰነም።»